ስለ አንድ ጌም የማልኩት

ማክሰኞ፣ ጥቅምት 11። ከቀኑ 9 ሰ.
ዛሬም በጌም ቤቴ የኳሱ ጌም ስታክ አደረገ። እህቴ ዘይነባ ከጅዳ የላከችልኝ ኦሪጅናል ዲስክ። ኳሱ ሊመታ ሲል ምስሉ ይቆማል። ማሻሻያ አውርድ ይላል፤ በከሚሴ ኔትወርክ ሳምንትም አይበቃው። ባጃጅ ነጂው ከድር ጆይስቲኩን አስቀመጠ።
«ጋሼ፣ ይቺ ኳስ መረብ እስክትደርስ እኔ ጨፋ ሮቢት ደርሼ እመለሳለሁ።»
ተጫዋቾቹ ሳቁ። ተነስተው ማዶ ካለው ጌም ቤት ገቡ። እዚያ ያለው የተሰረቀ ቅጂ ነው። የጌሙን ቁልፍ የሰበረው ሰው እንከኑንም አስተካክሎታል፤ አይቆምም። ሌባው ከባለቤቱ የተሻለ ሠራ። ምን ብዬ ላስቀራቸው?

ሐሙስ፣ ጥቅምት 13
ማጫወቻውን አስከፍቼ ቅጂውን አስጫንኩ። ቤቱ ሞላ። የዘይነባ ዲስክ መደርደሪያ ላይ ነው፣ «ኦሪጅናል ብቻ» ከሚለው ጽሑፍ ሥር። ደብተሬ፣ ይህን ላንተ ብቻ ነው የምጽፈው።
ዘይነባ ደወለች። ወደዱት ወይ አለች። ወላሂ፣ ከሱ ሌላ አይነኩም አልኳት። ደስ አላት። የሰው ቤት ስትጠርግ ውላ የገዛችው ነው። በሚቀጥለው ወር አዲሱን ልትልክ ነው። አትግዢ ማለት አቃተኝ።

ሰኞ፣ ጥቅምት 17
ጾምኩ። ለሐሰት መሐላዬ። ከፋራው፣ የመሐላው ማካካሻ፣ አስር ሚስኪን ማብላት እንደሆነ አውቃለሁ፤ የሦስት ቀኑ ጾም ላጣ ሰው ነው። እኔ አላጣሁም። ግን አስር ሰው ከበላ ሰፈሩ ምክንያቱን ይጠይቃል። ጾም ማንም አያይም። ሰኞ ስለሆነ ከድር የፈቃድ ሱና ጾም መሰለው፤ ዱዓ አድርግልኝ አለኝ። እሺ አልኩ። ዓይኑን ማየት አልቻልኩም።

ረቡዕ፣ ጥቅምት 19። ከአስር ሶላት በኋላ
ሦስተኛ ቀን። ራሴን ያመኛል። ሆዴ ባዶ፣ ውሸቱ እንዳለ። ቅጂው እየሠራ እኔ እጾማለሁ።
ለዘይነባ ደወልኩላት። ዲስኩ ስታክ እንደሚያደርግ፣ የምናጫውተው የተሰረቀ መሆኑን፣ አዲሱን እንዳትገዛ ነገርኳት።
«ወንድም ጋሼ፣ ከእንግዲህ ወላሂ አትበለኝ። ዝም ብለህ ንገረኝ።»
«ኦሪጅናል ብቻ» የሚለውን ጽሑፍ ከግድግዳው ነቀልኩ። ቅጂውን ግን አላጠፋሁም፤ ካጠፋሁት ነገ ማን ይመጣል። ዓርብ ከጁምዓ በኋላ አስር ሰው አበላለሁ። ለምን ነው ካሉኝ፣ ከድር በተቀመጠበት እናገራለሁ።