የበረኛው ጉልበት

ነሐሴ 19

የክለቡ ልምምድ ተጀመረ። ጭቃውም አብሮ ተጀመረ። ስንት ማሊያ፣ ስንት ቁምጣ... ካልሲውን ተዪው። የእያንዳንዱ ተጫዋች ልብስ ቁጥሩ ከተጻፈበት መረብ ከረጢት ሳይወጣ ይታጠባል፤ እንዳይቀላቀል። ዱሮ ቁጥሮቹን በመልክ ነበር የማውቃቸው። አሁን ከጀርባው ያለውን ስምም አነባለሁ። በስተርጅና የቆጠርኩት ፊደል የጠቀመኝ ላቡ የማን እንደሆነ ለማወቅ ነው።

ልብስ ተኳሿ ስትስቅ ዋለች። «የኛዎቹ አምና ዋንጫውን ለነዚያ ለቀው ሁለተኛ ወጡ። አሁን ደግሞ የዓመቱን የመክፈቻ ዋንጫ ከነዚያው ከባለዋንጫዎቹ ጋር ሊጫወቱ ነው። የሚወዳት ልጅ ሌላ አግብታ ለጭፈራ እንደተጠራ ሰው።»

እኔ አልሳቅኩም። ልጄ ከጨፋሪዎቹ አንዱ ነው።

ነሐሴ 22

ልጄ ሁለተኛ በረኛ ነው። ሃያ ሁለት ቁጥር። በደህናው ጊዜ ተመልካቹ «መቆለፊያ» ይለው ነበር። አሁን ወንበር ያሞቃል።

ዛሬም ከረጢቱ ሥር፣ ካልሲ ውስጥ ተጠቅልሎ የጉልበት ማሰሪያውን አገኘሁት። እንደ አምናው ማለት ነው። ማሽኑ ላስቲኩን ስለሚበላው ለብቻው በእጄ አጠብኩት። አድርቄ በፎጣው ጠቅልዬ መለስኩለት። የቡድኑ ወጌሻ ካየው አለቀለት። እኔ አየሁት... እኔማ ማን ነኝ?

ነሐሴ 27

ዋናው በረኛ በመክፈቻው ጨዋታ አይሰለፍም። አምና በመጨረሻው ቀን ዳኛ ገፍትሮ ቀይ ካርድ ስላየ ነው። ልጄ እራት ላይ ነገረኝ።

«እማዬ፣ የምገባው እኔ ነኝ።»

«ጉልበትህስ?»

«ጉልበቴ ደህና ነው።»

«ማሰሪያውን የማጥበው እኔ ነኝ። ለማን ነው የምትዋሸው?»

«ውሌ ኅዳር ላይ ያልቃል። ሠላሳ ሦስት ዓመቴ ነው። በዚህ ጨዋታ ካልታየሁ ማን ያስታውሰኛል? አንቺ ብቻ ለወጌሻው አፍሽን አትክፈቺ።»

«አፌን መቼ ከፍቼ አውቃለሁ?»

«ይኸው አሁን አልከፈትሽም?»

ሳቅን። ለአፍታ።

አባቱ ዕቃ ተሸካሚ ነበር። ወገቡ እየተቆረጠ «ደህና ነኝ» ይል ነበር። መጨረሻ ላይ አልጋው ላይ የማገላብጠው እኔ ነበርኩ። ሰው በአካሉ ሲነግድ ኪሳራው የሚገባው ቤቱ ነው። ይህን ለዚህ ልጅ በምን ቋንቋ ልንገረው?

መስከረም 4

እስከ ወጌሻው ክፍል በር ድረስ ሄድኩ።

«እማማ፣ ምን ልታዘዝ?»

«የቆሸሸ ፎጣ ካለ ብዬ ነው።»

ፎጣ ተሸክሜ ተመለስኩ። ብናገር ልጄ ዕድሜ ልኩን አይምረኝም። ዝም ብልስ? ጉልበቱ እሱን አይምረውም።

መስከረም 9

ጨዋታው ነገ ነው። ቦርሳዎቹን አዘጋጀሁ። ማሊያ፣ ቁምጣ፣ ካልሲ፣ ጓንት፣ ፎጣ። የልጄን ፎጣ ባዶውን ጠቀለልኩት። ማሰሪያው እዚህ ነው፣ ቁም ሳጥኔ ውስጥ፣ ከክረምት ሹራቤ ሥር።

ያለ እሱ አይደፍርም። ጉልበቱ እንደማይችል ከማንም በላይ ራሱ ያውቀዋል። «አሞኛል» ይላል፣ ሦስተኛው በረኛ ይገባል፣ ልጄ በእግሩ ሄዶ ቤቱ ይገባል። ሌላ በረኛ አለ፤ ሌላ ልጅ ግን የለኝም።

ይጥላኝ። በሁለት እግሩ ቆሞ ይጥላኝ።

መስከረም 10

ገባ።

መስከረም 12

ከዚያች ቃል በላይ እስከ ዛሬ መጻፍ አልቻልኩም።

የኛ ክፍል ከተመልካቹ መቀመጫ ሥር ነው። ሰው ሲዘል ከጣሪያው ኖራ ይረግፋል። ተኳሿ እየወጣች አይታ ትመለሳለች። «ቀድመን አገባን።» ቆየት ብላ ደግሞ፣ «አገቡብን፤ ግን ጥፋቱ የልጅሽ አይደለም፣ ተከላካዮቹ ቆመው ያያሉ።» ከዚያ እየሮጠች መጣች። «ራሱን ወርውሮ ኳሷን አወጣት! አንቺ ሴትዮ፣ ምን በልተሽ ነው የወለድሽው?»

አልዋሽም... ለትንሽ ጊዜ፣ የተሳሳትኩት እኔ ነኝ ብዬ ነበር። ምናልባት ድኖ ይሆን? ምናልባት እናት ስለሆንኩ ብቻ ይሆን የፈራሁት?

አንድ ለአንድ አለቀ፤ በፍጹም ቅጣት ምት ይለይ ተባለ። መቀመጥ አልቻልኩም። ወጥቼ ተጫዋቾቹ የሚገቡበት በር አፍ ላይ ቆምኩ። አንዱን አወጣ። ሕዝቡ ሁሉ «መቆለፊያ» እያለ ጮኸ። ሌላም አወጣ፤ ግን ሲያርፍ ጉልበቱ ወደማይታጠፍበት ዞረ። ወጌሻው ሮጠ። ቅያሬ አልቋል። ልጄ ወጌሻውን በእጁ መለሰውና የግቡን ቋሚ ይዞ ተነሳ።

የኛዎቹ ደግሞ ስተዋል። የቀረችው የባለዋንጫዎቹ አንድ ምት ናት፤ ከገባች ተሸነፍን። መቺው አጠንክሮ እንኳ አልመታም፤ ምን አስቸኮለው? ኳሷ በአጠገቡ እየተንከባለለች ገባች። ልጄ እስክትቆም ድረስ አያት። እኔ እሱን አየሁት።

መስከረም 20

ጅማቱ ተበጥሷል። ሐኪሙ «ይራመዳል» አለኝ፣ ስጦታ እንደሚሰጥ ሰው። ኳስስ? ራሱን ነቀነቀ።

መስከረም 28

ነገርኩት። አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጬ።

«ማሰሪያውን ያስቀረሁት እኔ ነኝ። ረስቼ አይደለም።»

«አውቃለሁ።»

«መቼ አወቅክ?»

«ፎጣውን ስፈታ። አንቺ ነገር አትረሺም።»

«ታዲያ እያወቅክ ለምን ገባህ?»

«ብቀር ያሸነፍሽው አንቺ ነበርሽ።»

ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። አለቀ።

ይህን እልህ ከማን ወረሰው? አባቱ እንኳ የዋህ ነበር። ጡት ሳጠባው አብሬ አጠባሁት እንጂ ከማን ያመጣዋል። ሁለታችንም ላለመሸነፍ እዚያች ጉልበት ላይ ቆምንባት።

ኅዳር 15

ክለቡ ውሉን አላደሰም። «አንተማ ቤተሰብ ነህ» ብለው እኔ ዘንድ ላኩት፣ ልብስ ማጠቢያ ክፍል። ጎረቤት «እግዜር ይስጣቸው፣ እናትና ልጅ በአንድ ላይ» ይላል። አሜን እላለሁ። ሌላ ምን ይባላል?

ክራንቹን ማሽኑ ላይ አስደግፎ ማሊያ ይገለብጣል። ሃያ ሁለት ቁጥርን ለሌላ ሰጥተውታል። ዛሬ እሱ ራሱ ነው ከረጢቱ ውስጥ የከተተው፤ እንደማንኛውም ልብስ። ዓይኑን እፈልግ ነበር፤ አልሰጠኝም። ተኳሿም እሱ ፊት መቀለድ ትታለች። ብትቀልድ ይሻለን ነበር።

ከሰዓት በኋላ ዞር ሳይል፣ «ሳሙና አነሰ» አለኝ።

ጨመርኩ። ዛሬ ያወራነው ይኸው ነው።