ለእንግዳ ቀጭን አልቀዳም

ሰኞ፣ ግንቦት 3፣ ጠዋት

ቆሮሶ ዓሣው ተላጠ። ዘይቱ እየጋለ ነው። ቅርፊት ጣቴ ላይ እንዳለ ነው የምጽፍብሽ፣ ደብተርዬ፤ ብትሸቺም ቻይው። ተናድጃለሁ።

ሐዋ ዛሬም ቡናውን ደፋችው። በቴሌግራም የታዘዘ፣ ከአ.አ. በመኪና የመጣ፣ ጠርሙሱ የሙሽራ ሽቶ የመሰለ። ቀመሰች። ፊቷ ተጨማደደ። ከቤት ጀርባ ወስዳ ደፋችው። ጠርሙሱ ሥር የቀረችውን እኔም ቀመስኩ። የተቃጠለ ጨርቅ ያጠቡበት ውሃ! የባለፈውም እንዲሁ ነበር፣ የዚያ በፊቱም። ይህ ሁሉ ሌባ መቼ ተወልዶ አደገ?

ሐዋ ታናሽ እህቴ ናት። ጂዳ መጀመሪያ ሰው ቤት፣ ኋላ ቡና ቤት ሠርታ ዘንድሮ ተመለሰች። ደሴ መናኸሪያ ልቀበላት ሄጄ አልፌያት ሄድኩ። ከስታ አላወቅኳትም። ከኋላዬ አያ ይማም ብላ ስትጠራኝ ነው የዞርኩት። ይህን ለማንም አልነገርኩም።

እዚያ ቡናውን በቀዝቃዛ ውሃ ይዘፈዝፉታል አለች። እሳት አያይም። ያድራል፣ ይጠለላል። የሚወጣው ወፍራም ነው። እሷ ኮንሰንትሬት ትለዋለች፤ እኔ ወፍራሙ እለዋለሁ፣ ምላስ ይቆጥባል። ሐሳቧ እሱን በበረዶ አድርጋ ሐይቁን ሊያይ ለሚመጣ እንግዳ መሸጥ ነው፤ እዚሁ ዓሣ ቤቴ በረንዳ ላይ። ራሷ ዘፍዝፋ ሞክራለች። የሰፈራችን ወፍጮ ዱቄት ያደርገዋል፣ ጭቃ ሆኖ ወጣ። ስለዚህ ጥሩ ወፍራም መግዛት ግድ ሆነ።

መጀመሪያ ስቄባታለሁ። ቀዝቃዛ ቡናስ ድሮም አለን፣ ወሬ ሲበዛ የሚቀዘቅዘው አልኳት። አሁን ሳቁ የለም። የጂዳዋ ጓደኛዋ ደውላለች። ቦታ ተገኝቷል፣ እስከ ዓረፋ መልስ ስጪ ብላለች። ሐዋም ቁርጡን ነገረችኝ፦ ቡናው ከሆነ ትቀራለች፣ ካልሆነ ትሄዳለች።

ትሄዳለች! በእኔ ሬሳ ላይ።

ከእንግዲህ ወፍራሙን የምገዛው እኔ ነኝ። ድሮ ጠርሙስ ላይ ያለው ጽሑፍ ለእኔ የጉንዳን ሰልፍ ነበር። አሁን የማታ ት/ት ጨርሻለሁ። አንደኛ ወጥቼ። ሌሎቹ መነጽር ረስተው ነው የሚሉ ምቀኞች አሉ፤ ይበሉ። መ/ሯ እጅህ እንዳይዝግ በየቀኑ ጻፍ ብላኛለች፣ ይኸው እጽፋለሁ። እኔን የሚያታልል ነጋዴ ገና አልተወለደም። ቢወለድም ጡት አልጣለም።

ዘይቱ ጨሰ። በኋላ።

ረቡዕ፣ ግንቦት 5፣ ከሰዓት

ደሴ ደርሼ መጣሁ። ጉሮሮዬ ደርቋል፣ ከጩኸት።

ሚኒባሱ ውስጥ ያለፍነውን ታፔላ ሁሉ ጮክ ብዬ ሳነብ ነበር። አጠገቤ የተቀመጠች ሴት እኛም ማንበብ እንችላለን አለችኝ። ደግ፣ ግን እንደ እኔ ድምፅ አላችሁ ወይ አልኳት። ወደ መስኮት ዞረች።

አንደኛው ሱቅ መስታወት በመስታወት። ጠርሙሱን አዞርኩ። የአገልግሎት ጊዜው አልፏል። ለገበያተኛው ሁሉ ጮክ ብዬ አነበብኩለት። ባለሱቁ ተቅለስልሶ ቡና አይበላሽም ይለኛል። ታዲያ ቀኑን ለጌጥ ነው የጻፋችሁት? አልኩት። ውጣልኝ አለ። ወጣሁ፣ በሩን ግን እኔ ነኝ የዘጋሁት፤ መስታወቱ ሲንቀጠቀጥ ሰምቻለሁ።

ሁለተኛው ሱቅ። ሐዋ እንዳስተማረችኝ ጠርሙሱን ወደ ፀሐይ አነሳሁት። ጥሩው ዳር ዳሩ እንደ ማር ያበራል፣ ሥሩ አተላ የለውም ብላለች። የዚህኛው ሥር የአርዲቦ ሐይቅ ጭቃ። ጠርሙሱን መለስኩ፣ መሬት ላይ ግን ተፋሁ። ይበቃዋል።

ሦስተኛዋ ሱቅም የላት። ከሰኞ ገበያ በላይ፣ ከመኖሪያ ቤቷ። እትዬ አስካለ። ጠና ያለች ሴት፣ ሽርጧ የቡና ቀለም። ግባ እንኳ በቅጡ አላለችኝ። የት ነው የሚሸጠው፣ ፍሪጅ አለህ ወይ፣ መብራት ሲጠፋ ምን ታደርጋለህ… ልጇን ልትድርልኝ ነው የመሰለኝ። ከዚያ በማንኪያ ጫፍ ሰጠችኝ።

ቀመስኩ። ማንኪያውን ላስኩ። ጉሮሮ አይቧጭርም። መረር ብሎ ይገባና ሲሄድ ጣፍጦ ይሄዳል። ፀሐይ ላይ ሳነሳው ማር።

ወረቀቱን አነበብኩ። የተሠራበት ቀን አለ። በቀዝቃዛ ቦታ ይቀመጥ ይላል። ከሥር፦ አንድ እጅ ቡና፣ ሦስት እጅ ውሃ።

ደሜ ፈላ። ወተት ሻጭ እንኳ ውሃ የሚጨምረው ተደብቆ ነው። አንቺ ጽፈሽ ትለጥፊያለሽ! አልኳት። አልሳቀችም። ሳትጨምርበት ለሰው እንዳትሰጥ፣ ታሳምማለህ አለች። ጣዕሙ ባይዘኝ ጥያት እሄድ ነበር። አንድ ካርቶን ሙሉ ገዛሁ።

ዓርብ፣ ግንቦት 7

ሐዋ ትናንት ቀመሰችው። ዓይኗን ጨፈነች። ይኸ ነው አያ አለች። ከመጣች ወዲህ እንደዚያ ስትስቅ አይቻት አላውቅም። ማነው የገዛው? እኔ። ማነው ያነበበው? እኔ። ሰፈሩ ሁሉ ይስማ።

ከዚያ ውሃ ጨምራ፣ በረዶ ጥላ ሰጠችኝ። ቀጠነ አልኩ። የሚጠጣው እንዲህ ነው አለች። ተጨቃጨቅን።

አንቺ ፍረጂ። እኛ አገር ለመጣ እንግዳ አቦል ነው የሚቀዳ። በረካ የሚደርሰው ሲጫወት የቆየ ነው። ገና ከመንገድ ለገባ ሰው ቀጭን ቡና ብትሰጪው ነገሩ እስከ ልጅ ልጅ ይወራል። የአባቴ ወንድም በአንዲት ቀጭን ሲኒ ምክንያት ሙሉ ክረምት አማቱ ቤት አልረገጠም። ዘመድ ሁሉ ፈርዶለታል። ጂዳ ይህን ያውቃሉ? አያውቁም። አትሳቂ።

ሐዋ ነገ አምባሰል ለቅሶ ትሄዳለች፣ ውጫሌ፤ የአክስታችን ባል ሞቶ። እስክመጣ አትንካው፣ ከነካኸውም ወረቀቱ እንደሚለው አድርግ አለችኝ። ማንበብ እንደምችል ረስታለች መሰለኝ። ይህም አናደደኝ።

እሑድ፣ ግንቦት 9፣ ጠዋት

ፊደሌ ቢወላገድ እንቅልፍ በዓይኔ ሳይዞር ስለነጋ ነው። ንዴት ነው። ቡናውም አለበት።

ትናንት ቀትር ላይ መኪና ሙሉ ሽማግሌዎች ወረዱ። ደም የተቃቡ ሁለት ቤቶች ሊያስታርቁ የሚሄዱ፣ ወደ ወልድያ መንገድ። አገር የሚያከብራቸው ሐጂ ሙሔ አሉበት፣ ቄስ አሉበት፣ ጥምጣሙም ኩታውም ነጭ። እንዲህ ያለ እንግዳ ደጄን ረግጦ አያውቅም። ዓሣ በሉ። ሙቀቱ ጸንቷል። ፍሪጁን ከፈትኩ።

ወረቀቱን አላነበብኩም እንዳትይኝ። አነበብኩት። ሦስት እጅ ውሃ። ሐጂ ሙሔን አየሁ፣ ጢማቸውን አየሁ። ለእኝህ ሰው? ቢላ አንገቴ ላይ ቢደረግ አላቀጥንም።

ብርጭቆ ሙሉ፣ በበረዶ፣ ውሃ ያልነካው ቀዳሁ። ሐጂ መረረ አሉ። ንጹሕ ስለሆነ ነው አልኩ። በአንድ መነሳት የለም፣ በሞቴ ብዬ ደገምኩ። ቄሱ ይበቃኛል ሲሉ፣ ሐጂ ጠጥተው እርስዎ ቤቴን ሊንቁ ነው ወይ ብዬ አስማልኳቸው። ሦስተኛውን በምርቃት አወረድነው። እኔም አብሬ።

ከዚያ ያ ረቢ። ሾፌሩ መኪናዋን ደጋግሞ ይዞራል፣ አይገባባትም። ሐጂ ደረታቸውን ያዙ። ቄሱ ያለማቋረጥ ያወራሉ፣ ለማን እንደሆነ እንጃ። ሐጂን በባጃጅ ጤና ጣቢያ ወሰድናቸው። ነርሷ ምን ጠጡ አለች። ቡና አልኩ። ምን ያህል? ነገርኳት። አየችኝ። እንዲህ ታይቼ አላውቅም።

አልሐምዱሊላህ፣ ሐጂ ሲመሻሽ ተሻላቸው። እርቁ ግን ቀረ። የተረፉት ሽማግሌዎች ማን ቀድሞ ይናገራል በሚል እዚሁ መንገድ ዳር ተጣልተው፣ ከፊሉ በሌላ መኪና ተመለሰ። አስታራቂ ሲጣላ ማን ያስታርቅ? ዛሬ ከተማው ሙሉ ወሬው አንድ ነው፦ የይማም ቡና ሽማግሌ ያፋጃል። ባጃጅ ነጂዎቹ ሳልፍ ደረታቸውን ይዘው ይንገዳገዳሉ። አንዱን በዓሣ ራስ መትቼዋለሁ። አልሳትኩትም።

ያቺ ሴትዮ የሆነ ነገር ጨምራበታለች። ነገ ደሴ ነኝ።

ሰኞ፣ ግንቦት 10

ደሴ ሄድኩ። ስለ መንገዱ የምጽፈው የለም። ታፔላም አላነበብኩም።

ደጇ ላይ ጮህኩ። ጎረቤት ወጣ። መርዝ ነው የሸጥሽልኝ አልኩ፣ ሽማግሌ ልትፈጂ አልኩ፣ ሌላም ብዙ አልኩ። እጇን በሽርጧ እየጠረገች እስክጨርስ ቆመች።

«ወረቀቱን አላነበብከውም?»

«አንብቤዋለሁ።»

«ታዲያ?»

«ለእንግዳ ቀጭን አልቀዳም።»

ልትስቅ ነው ብዬ ነበር። አልሳቀችም። «ወንድሜ፣ እኔ የሸጥኩልህ ያላለቀ ሥራ ነው። ውሃው ሲገባ ነው ቡና የሚሆነው። አንተ ለሽማግሌ ሊጥ አብልተህ ዳቦው ገደለኝ ትላለህ።»

ወደ ጎረቤቶቹ ዞሬ ፍረዱ አልኩ።

ከዚያ እሷ ተቆጣች። ሐይቅ ከተማ የጠጣ ሁሉ የማንን ስም ነው የሚያነሳ አለች። ስሟ ወረቀቱ ላይ አለ። ከእንግዲህ ለአንተ አንድ ጠብታ አልሸጥም ብላ በሩን ዘጋች። ቀስ አድርጋ። ብታላትመው ይሻለኝ ነበር።

አገር ምድሩን ዞሬ ያገኘሁት ጥሩ ወፍራም ያ ብቻ ነው። ለሐዋ ምን ልበላት? ለጂዳ መልስ የምትሰጥበት ቀን ደግሞ ዓረፋ ነው።

ማክሰኞ፣ ግንቦት 11

ሐዋ መጣች። መናገር አላስፈለገኝም። ወሬው ውጫሌ ደርሶ ለቅሶ ቤት ጠብቋታል።

ትጮሃለች ብዬ ነበር። መልሴን አዘጋጅቻለሁ፦ ክብር፣ ወግ፣ የአባቶቻችን ሥርዓት። አልጮኸችም። ገብታ ቦርሳዋን ከአልጋ ሥር አወጣች። አቧራውን አራገፈች። ለዚህ ብለሽ ነው ወይ የምትሄጅው፣ ለአንድ ቀን ስሕተት? አልኳት። ሰው ምን ይለኛል ብዬ ነው እኮ፣ ለክብርሽ ብዬ ነው አልኳት። የምታጥፈውን ልብስ ትታ አየችኝ።

«እዚያም የምናገረውን የሚሰማኝ የለም፣ እዚህም የለም። እዚያ ግን ደመወዝ አለ፣ አያ።»

ወጣሁ። ሐይቁ ዳር ሄጄ ተቀመጥኩ። የተናደድኩት በእሷ ነው። በአስካለ ነው። በነርሷ ነው። እየቆጠርኩ ሄድኩ፣ ሁሉንም አዳረስኩ፣ ንዴቱ ግን ተረፈ። የተረፈው የማን እንደሆነ አልጽፍም። አንቺም አትጠይቂኝ።

ሐሙስ፣ ግንቦት 13

ትናንት ማለዳ መጥበሻዬን፣ ምድጃዬን፣ የዘይት ጄሪካኔን ከበረንዳው አነሳሁ። በረንዳው ለቡናዋ ይሁን ብዬ ከቤት ጀርባ ተከልኩት፣ ግንቡ ጢሱን ፊቴ ላይ በሚመልስበት። ወገቤ ተቆረጠ። ባጃጅ ነጂዎቹ ተሰደድክ ወይ አሉኝ። አዎ አልኳቸው።

ሐዋ በር ላይ ቆማ ታያለች። ምን እየሠራህ ነው አላለችም። በመጨረሻ ማን ነው የሚቀዳው ብላ ጠየቀች። አንቺ አልኩ። እንግዳ ቀጠነ ቢልስ? እኔ ከጀርባ ነኝ፣ አልሰማም አልኩ። ሐጂ ሙሔ ራሳቸው ቢመጡ? …ይህ ከባድ ነበር። ሐጂም ቢሆኑ አልኩ።

ዛሬ ጠዋት ደሴ ወረደች። ቦርሳውን ይዛ ይሁን ትታ አላየሁም። ክፍሏ ገብቼ ማየት እችል ነበር። አልገባሁም። ቆሮሶ ስልጥ ጣቴን ቆረጥኩ።

አሁን ከትንሽ ጊዜ በፊት ደወለች። አስካለ ዘንድ ናት። ቀምሳለች፣ ፀሐይ ላይ አንስታ አይታለች፣ ተስማምተዋል። ሴትዮዋ አንድ ነገር ብቻ ይዛለች፦ ያ ወንድምሽ ጠርሙሱን እንዳይነካ። ትሰማለህ አያ፣ እሺ ልበላት? አለችኝ። ስልኩ ውስጥ አስካለ ስትተነፍስ ይሰማኛል። በገዛ ቤቴ! በገዛ ፍሪጄ! ምድጃውን ረገጥኩት፣ እግሬን አመመኝ።

እሺ አልኩ። ሲጻፍ ሁለት ፊደል ነው። ከአፍ ለማውጣት ግን አፌ ምራቅ አጣ።

ለጂዳዋስ ምን ትያታለሽ? አልኩ። ዛሬ መኪና ውስጥ ሆኜ መልስ ሰጥቻታለሁ አለች። ምን ብለሽ? ኔትወርኩ ተቆራረጠ። የሰማሁት፣ በረዶ አዘጋጅ የሚለውን ነው።

በረዶ አዘጋጅ። ለሚሄድ ሰው በረዶ አይዘጋጅም። አይደል?

ንዴቴ አልበረደም። ይኸው እየጻፍኩም ጥርሴን ነክሻለሁ። ፍሪጁ ውስጥ ያቺ የተረፈችው ወፍራም አለች፣ ግማሽ ጠርሙስ። አልነካኋትም።

በረንዳው ላይ ሰው ቆሟል። ነጭ ጥምጣም። ቀዝቃዛ ቡና የሚሸጠው እዚህ ነው ወይ ይላል። እዚህ ነው፣ ግን ቆየት ይበሉ፣ ባለቤቷ ደሴ ናት፣ እየመጣች ነው ልበላቸውና ልመለስ።