ለአቦይ ተኽኣ በዚያው ግድግዳ ላይ ይጻፍላቸው

ለማይን ዳር ጎረቤታሞች መረዳጃ ማኅበር ሊቀመንበር
ለአቶ ዋሲሁን
ፍራንክፈርት አም ማይን

ቀን፦ ኅዳር 3 ቀን 2018 ዓ.ም.

አመልካች፦ ጣሂራ ዐሊ፣ የማኅበሩ አባል፣ ቦከንሃይም

ጉዳዩ፦ በመርከብ ጉዟችን የኤፌሶንን ፍርስራሽ ስንጎበኝ በአቦይ ተኽኣ ላይ ተቀርጾ በአዳራሽ የተሳቀበት ቪዲዮ በአደባባይ መልስ እንዲሰጥበት ስለመጠየቅ

አቶ ዋሲሁን፣ አራት ጊዜ ስልክ ደወልኩላቸው ብለዋል። ለማን ነው የደወሉት? ጆሮው ለማይሰማ ሰው! አቦይ ተኽኣ ሃያ ስድስት ዓመት ብረት መቀጥቀጫ ማሽን አጠገብ ቆመው፣ ጆሯቸውን እዚያው ፋብሪካ ትተው ነው ጡረታ የወጡት። እርስዎ ግን «ይቅርታ ለመጠየቅ ደውዬ ስልክ አላነሱም፣ ስለዚህ ጉዳዩ ተዘግቷል» ብለው በኮሚቴው ፕሮቶኮል፣ በቃለ ጉባኤው ላይ አስጽፈዋል። ያን ወረቀት አንብቤዋለሁ። ጉዳዩ አልተዘጋም። የተዘጋው የአቦይ በር ነው።

ይሄ በሕይወቴ የመጀመሪያው አቤቱታዬ ነው። እስከዛሬ አቤቱታ የሚጽፉልኝ እሳቸው ነበሩ፤ ለእኔ ብቻም አይደለም፣ ለግማሹ ማኅበር። እኔ ትምህርት ቤት ደጃፍ አልደረስኩም፤ ከደሴ ስወጣ ስሜን መጻፍ አልችልም ነበር። ጀርመንኛውን ከቢሮ ጽዳት፣ ከባቡር ማስታወቂያና ከሰው አፍ ለቀምኩት። የሐኪም ቴርሚን፣ ቀጠሮ ያለው፣ የቢሮ ደብዳቤ የመጣበት ሁሉ «ጣሂራን ጥሩልኝ» ይላል። የአማርኛ ፊደሉን ግን ያስቆጠሩኝ አቦይ ናቸው፤ በልጅነታቸው አስመራ በአማርኛ የተማሩ ሰው ናቸው፣ እኔ ደግሞ ከእሳቸው በላይ ያለው ፎቅ ላይ ነኝ። «ፍሬ ነገሩን ቁጥር ስጪው» ይሉኝ ነበር፤ «አቤቱታ ላይ አይለቀስም፣ እንባሽን ቤትሽ ተይው።» ስለዚህ ቁጥር እሰጣለሁ። እንባውን ግን አልችልበት ይሆናል፣ ይታገሱኝ።

1. ጉዞው። ማኅበራችን በሰኔ ወር ሠላሳ አንድ ሰው ይዞ በመርከብ ሲሄድ አቦይ ለመዝናናት አልመጡም። መርከቡን አይተው «ይሄ ሁሉ ሰው ለመብላት ነው ባሕር የገባው?» ነው ያሉት። የመጡት ለአንድ ቀን፣ ለአንድ ደጃፍ ነበር። ባለቤታቸው ወይዘሮ ምጽላል በሕይወት ሳሉ በየዓመቱ በግንቦት ልደታ አንድ ነገር ይሉ ነበር፦ «ጡረታ እንውጣና ኤፌሶን ሄደን የእመቤቴን ደጇን እንስማለን።» ማርያም የአምላክ እናት ናት ብለው አባቶች በጉባኤ የወሰኑት እዚያ ነው ብለው ለእኔም ነግረውኛል። እኔ ሙስሊም ነኝ፤ መርየም ግን የእኛም ናት፣ ገብቶኝ ነበር።

ጡረታ ወጡ፤ ዛሬ ነገ ሲሉ ኮሮና መጣ። ምጽላል ሆስፒታል ሲተኙ አቦይ አልገቡም፤ ያን ጊዜ ማንም አይገባም ነበር። ነርሷ ስልክ አምጥታ ለምጽላል አፋቸው ላይ ያዘችላቸው። ስልክ! ለአቦይ! ልጃቸው ሊዋም ሰምታ ወደ አባቷ ጆሮ ጮኻ ነገረቻቸው፦ «ደጇን ሳምልኝ ብላለች።» ከዚያ በኋላ ምጽላል አልተናገሩም። አቦይ የሚስታቸውን የመጨረሻ ቃል በገዛ ጆሯቸው አልሰሙም። ይሄን ያዙልኝ፣ ኋላ እመለስበታለሁ።

2. አስጎብኚው። መርከቡ ቱርክ ወደብ ላይ የቆመው ለስድስት ሰዓት ብቻ ነው። የመርከቡ አውቶቡስ ሃምሳ ሰው ጭኖ ትልልቁን ድንጋይ አሳይቶ ይመለሳል፤ የማርያም ቤተ ክርስቲያን ፍርስራሽ ያለበት ጥግ ድረስ አይሄድም አሉኝ። ስለዚህ እኔ ለብቻችን መኪና ከነአስጎብኚው ያዝኩ። ኦርሃን ይባላል፤ እዚሁ ከፍራንክፈርት ጎን ኦፈንባህ ያደገ ቱርክ ነው፣ ጀርመንኛው የእኛው ሰፈር ጀርመንኛ። «ከቦከንሃይም ናችሁ? አክስቴ እዚያው ላይፕሲገር ሽትራሰ መንገድ ላይ ልብስ ትሰፋለች!» ብሎ አቦይን እንደ አባቱ እጅ ነሣ። ኦርሃን በጀርመንኛ ይናገራል፣ እኔ በአማርኛ በመሣሪያ ትንሽ ወደሚሰማው የአቦይ ጆሮ እጮሃለሁ፣ የጎደለውን ከንፈሬን እያዩ ይሞሉታል። አሠራራችን ይሄ ነበር፤ ሐኪም ቤትም የምንሠራው እንደዚሁ ነው።

አንድ መቀመጫ ተረፈ። የማኅበሩ ጸሐፊ አሰግድ ወደቡ ላይ መጣ። «ጣሂራ እህቴ፣ ከዚያ መንጋ ጋር አትስደጂኝ፣ ጥጌን ይዤ ፎቶዬን ላንሣ» አለኝ። አስገባሁት። እኔ ነኝ ያስገባሁት። እኩያዬ ነው፣ በዚህ ወረቀት ላይ አንቱ አልለውም፤ አንቱታ የሚገባው ሌላ ሰው አለ።

3. ስሕተቱ፣ የእኔው። ሙቀቱ አናት ይበሳል። ከላይኛው በር ገብተን በዕብነ በረዱ መንገድ ቁልቁል ስንወርድ አቦይ በየአምስት እርምጃው «ደረስን ወይ?» ይላሉ፤ እኔም «ልንደርስ ነው አቦይ» እላለሁ። መሀል ላይ ኦርሃን ስልክ ተደወለለትና ፊቱ ተለወጠ። ወደ ቤተ ክርስቲያኗ የሚወስደው መንገድ ለሥራ ታጥሯል፣ ዞረን እንግባ ካልን መርከቡ ያመልጠናል አለኝ። ያንን ለአቦይ በምን አፌ እንደምነግር ሳስብ ዘወር ብል፣ አቦይ ጫማቸውን አውልቀዋል።

አጠገባችን አንድ የድንጋይ በር ነበር። ደፉ በእግር ብዛት ተበልቶ እንደ ሳህን ጎድጉዷል። «እዪ ጣሂራ፣ ስንት ምእመን ረግጦታል» አሉኝ። ከቦርሳቸው የምጽላልን ነጠላ አወጡ፣ ደፉ ላይ አነጠፉ፣ ተንበረከኩ፣ ሳሙ። «ምጽላል፣ ደረስን» አሉ። ኦርሃን ከጀርባቸው ሆኖ ቀስ ብሎ በጀርመንኛ «ንገሪያቸው፣ ይሄ እኮ የሕዝብ ሽንት ቤት ነበር» አለኝ። አቦይ ቀና ብለው አፌን አዩ።

«ልጁ ምን አለ?»

ዋሸሁ። «ቤተ ክርስቲያኗ ይቺ ናት አለ» አልኳቸው። አላህ ያውቃል፣ የሰባ ስምንት ዓመት ሰው ከተንበረከኩበት አስነሥቼ ሽንት ቤት ነው የሳሙት የምልበት አፍ አልነበረኝም። ኦርሃን አማርኛ አይሰማም፣ ግን ገባው፤ ኮፍያውን አወለቀ። ባዕድ ሰው ኮፍያውን አወለቀ! የእኛው ሰው አሰግድ ስልኩን ከፍ አድርጎ ይቀርጻል። «አጥፋው» ስለው «ለትዝታ ነው፣ አታካብጂ» አለኝ።

4. አዳራሹ። መስከረም 18 ቀን፣ እሁድ ከሰዓት፣ ኖርድኤንድ ሰፈር ባለው አዳራሽ፣ የዘመን መለወጫ ዝግጅታችን ላይ አሰግድ የጉዞውን ምስል ነጩ ግድግዳ ላይ አበራ። አቦይ በሙሉ ልብሳቸው ከፊት ረድፍ ነበሩ። የነጠላዋን ጥለት ግድግዳው ላይ ሲያዩ ፈገግ ብለው ክራቫታቸውን አስተካከሉ፤ ምጽላል የተዘከሩላቸው መስሏቸው ነው። ድምፁንማ አይሰሙም። አሰግድ ግን ከሥር በአማርኛ ጽፎበት ነበር፣ ፊደሉ ክንድ ያክላል። ኦርሃን ሲናገር «ይሄ የሕዝብ ሽንት ቤት ነበር።» እኔ ስናገር «ቤተ ክርስቲያኗ ይቺ ናት አለ።» ከዚያ በእንባ የሚስቁ የስልክ ቢጫ ፊቶች ተደረደሩ።

ሰባ ሰው ሳቀ። እርስዎም ስቀዋል አቶ ዋሲሁን፣ ከጎን ሆኜ አይቼዎታለሁ። አቦይ አንባቢ ናቸው፤ እናንተ ስቃችሁ ሳትጨርሱ እሳቸው አንብበው ጨርሰዋል። ተነሡ፣ የጆሮ መሣሪያቸውን አውጥተው ኪሳቸው ከተቱ፣ ባርኔጣቸውን ይዘው ወጡ።

ኡ-ባን፣ የምድር ውስጥ ባቡሩ ፌርማታ ላይ ደረስኩባቸው። ይቆጡኛል ብዬ ነበር፤ ምነው በተቆጡኝ። ሁለት ነገር ብቻ ጠየቁኝ። አንደኛ፣ «ነጠላዋ ትታጠብ ወይስ አትታጠብ?» ከሰኔ ጀምሮ ከማርያም ሥዕል ሥር አጥፈው አስቀምጠዋት ነበር። ሁለተኛ፣ «ሊዋምስ? እናትዋ ያለችውን ነው የነገረችኝ፣ ወይስ እሷም እንዳንቺ አዝናልኝ ነው?»

ባቡሩ መጣ። አቦይ ጥያቄያቸውን ይዘው ገቡ።

5. ጉዳቱ። እርስዎ «ቀልድ ነው እኮ፣ ሰው ሞቷል እንዴ?» ብለዋል። ቅድም ያዙልኝ ያልኩት እዚህ ነው የሚገባው። ጆሮው የማይሰማ ሰው በሌላ ሰው አፍ ነው የሚኖረው። ሐኪሙ ያለውን በእኔ አፍ፣ ሚስቱ ያለችውን በልጁ አፍ። አንዷን ክር ስትስቡ ሙሉው ተተረተረ። አዎ፣ የሞተ አለ፤ የምጽላል ቃል ሞቷል። አምስት ዓመት ይዘውት የኖሩት ቃል የሚስታቸው ይሁን የልጃቸው ፈጠራ አሁን አያውቁም። ሊዋም ከኦስትኤንድ ሰፈር ቅዳሜ ቅዳሜ ትመጣለች፤ አልቅሳ ምላለች። መሐላዋን ማን ይስማላት? የጆሮ መሣሪያውን አያደርጉትም፣ ከንፈሯንም አያዩም፣ ስትናገር መስኮት መስኮቱን ነው። ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ «ኤር ግላውብት ሚር ኒሽት መር» አለችኝ። ከእንግዲህ አያምነኝም ማለቷ ነው። ሃያ ዓመት የማውቃት ልጅ ናት፣ ምን ልበላት?

ለእኔ በሩ ከተዘጋ ስድስት ሳምንት አለፈ። ጥፋቴን ጽፌ በበራቸው ሥር አስገባሁላቸው። በማግሥቱ በእኔ በር ሥር ተመለሰ፤ ሦስት ፊደል በቀይ ታርሟል፣ ሌላ አንድ ቃል የለበትም። ያቺን ወረቀት ከቁርአኔ ጋር ነው ያስቀመጥኳት።

6. የኮሚቴው መልስ። አሰግድ ጽፎ እርስዎ የፈረሙበት ደብዳቤ ደርሶኛል። «ስሕተቱ የተርጓሚዋ ነው፤ ወይዘሮ ጣሂራ ከእንግዲህ ለአረጋውያን እንዳይተረጉሙ» ይላል። ልክ ነው። ስሕተቱ የእኔ ነው፣ አንሱኝ፣ አልከራከርም። ግን የእኔ ውሸትና የእሱ እውነት አብረው ይመዘኑ። እውነት አሳስቦት ከሆነ፣ ሦስት ወር ሙሉ በየእሁዱ ቤተ ክርስቲያን አጠገባቸው ቆሟል፤ ጽፎ ማሳየት ያውቅ የለ፣ በቁራጭ ወረቀት ለብቻቸው ለምን አላሳያቸውም? ሰባ ሰው እስኪሰበሰብ ምን አስጠበቀው? እኔ ዋሽቼ ሰውየውን በእግራቸው ወደ መርከብ መለስኳቸው። እሱ እውነት ጽፎ ቤታቸው ውስጥ ቀበራቸው።

ስለዚህ የምጠይቀው ይሄ ነው። ቪዲዮው ከማኅበሩ የስልክ ቡድን ይውረድ፤ ያስቀመጠም ያጥፋ። ዳግመኛ ስልክ እንዳይደወልላቸው፤ ስልክ ለዚያ ቤት ምን እንዳመጣ ነግሬዎታለሁ። ኅዳር 21 እሁድ ስብሰባ አለን። በዚያው አዳራሽ፣ በዚያው ግድግዳ ላይ፣ በዚያው ክንድ በሚያክል ፊደል መልስ ይጻፍላቸው። እኔ እቀድማለሁ፤ የምጽፈውን ከአሁኑ ላሳይዎ፦ «አቦይ፣ ዋሽቼዎታለሁ። የዋሸሁት እኔ ነኝ፣ ሊዋም አይደለችም። ጣሂራ።» ከእኔ ቀጥሎ አሰግድ ይጻፍ። ከእሱ ቀጥሎ እርስዎ። ካህናቱም ይጠሩና የነጠላዋን ጥያቄ ይመልሱላቸው፤ ትታጠብ ወይስ አትታጠብ፣ ግማሽ መስመር ይበቃል። አቦይ አይመጡ ይሆናል። ባይመጡ ግድግዳውን ፎቶ አንሥቼ በበራቸው ሥር አስገባለሁ። ፊደል የሳተ ካለ ያርሙታል።

አሰግድ፣ ይሄ ወረቀት ለአንተም ይደርስሃል። አንድ ሽማግሌ ሚስታቸው የላከቻቸውን መሳም ሲያደርሱ ምኑ አሳቀህ? አቶ ዋሲሁን፣ እርስዎንስ? በስልክ አይደለም፣ በኮሚቴ አይደለም፣ በጆሮዬ በሹክሹክታም አይደለም። በሳቃችሁበት ሰው ፊት ቆማችሁ፣ አቦይ ሊያነቡት በሚችሉት ፊደል፣ ግድግዳው ላይ መልሱ።

ሰላምታዬ ከነሐዘኔ ይድረስዎ፣

(ፊርማ)
ጣሂራ ዐሊ

ግልባጭ፦
ለአሰግድ፣ የማኅበሩ ጸሐፊ
ለአቦይ ተኽኣ፣ በበራቸው ሥር