ጀሪካኑ እስኪሞላ

ታኅሣሥ 5 ቀን 1988፣ ጋምቤላ

ጠዋት ሬዲዮ ስጠግን አረፈድኩ። አንድ የሰርግ ካሴትም አስረከብኩ። የሙሽራው አጎት ጀርባቸው ብቻ ስለታየ ተቆጥተዋል። ከሳህኑ ቀና ቢሉ ኖሮ ፊታቸው ይታይ ነበር... ነገርኳቸው።

ከሰዓት በኋላ ኛጋች መጣች፣ ከባሮ ማዶ ዓሣ የምታመጣልን። የመንደራቸው የእጅ ፓምፕ ከክረምት ወዲህ አይሠራም። ሴቶቹ ወንዝ ይወርዳሉ። ትናንት አዞ ባልዲዋን ከእጇ ነጠቃት። ለውሃ ቢሮው ኃላፊ አመለከቱ፤ በእሱ ሪፖርት ላይ ፓምፑ ይሠራል።

"ያንተ ካሜራ ሰርግ ብቻ ነው የሚያየው?" አለችኝ። ሁሉንም ሰው አንተ ነው የምትለው።

ታኅሣሥ 8

ሄድኩ። ካሜራ ይመጣል ሲባል ሴቶቹ ቅባት ተቀብተው፣ ጨሌ አስረው ጠበቁኝ። በፓምፑ ዙሪያ ደረደርኳቸው። እንደ ልማዴ "ፈገግ በሉ" አልኩ። አሳምረው ፈገግ አሉ።

ታኅሣሥ 11

ካሴቱን ለኃላፊው ለአቶ ሰብስቤ አሳየሁት። በጣም ደስ አለው። ሕዝቡ በፓምፑ መርካቱን የሚያሳይ ማስረጃ ነው፤ አንድ ኮፒ ስጠኝና ለበላይ ልላከው አለኝ... ካሴቴን ከዴኩ መንጭቄ ወጣሁ።

ባለቤቴ ሳሊሃ ስነግራት በሳቅ ፈረሰች። "ለሰውየው ሚዜ ሆነህለት መጣህ በለኛ" አለችኝ።

ታኅሣሥ 13

ጎረቤቴ መምህር ቢየል ሊመክረኝ መጣ። ስለ ፊልም አንብቧል። ቡትቶ ይልበሱ፣ ያልቅሱ፣ ያኔ ሰው ያዝናል ይላል። አይሆንም አልኩት። ያላለቀሰ ሰው አላስለቅስም። ኛጋች የአዞውን ነገር እንኳ እየሳቀች ነው ያወራችልኝ።

ሰዎቹን ትቼ ፓምፑን ብቀርጸውስ?

ታኅሣሥ 16

ካሜራውን ማቆሚያው ላይ አሰርኩ። ከፓምፑ አፍ ሥር ጀሪካን አስቀመጥን። ኛጋች እጀታውን መጫን ጀመረች። ሲደክማት ሌላዋ ተካቻት። መጀመሪያ ዘፈኑ፣ ከዚያ ስድቡ፣ ከዚያ ሳቁ። ጠብታ የለም። አንዲት ዶሮ መጥታ በጀሪካኑ ጥላ ሥር ተኛች። ካሴቱ እስኪያልቅ ምንም አልነካሁም።

ታኅሣሥ 20

ገበያው አጠገብ ባለው ቪዲዮ ቤት፣ ከህንድ ፊልሙ በፊት አሳየሁት። ሰዉ አጉረመረመ። ዘፈኑ የታለ? ተቀመጡ አልኳቸው። ቀስ በቀስ ዓይናቸው ጀሪካኑ ላይ ተተከለ። አሁን ይወጣል፣ አይወጣም እየተባባሉ... ኳስ ጨዋታ የሚያዩ ነው የሚመስሉት።

አቶ ሰብስቤን ጋብዤ ፊት ወንበር ላይ አስቀምጬዋለሁ። መጀመሪያ አብሮ ሳቀ። ዶሮዋ ስትተኛ ግን ሳቁ ቆመ። መሐረብ አውጥቶ ላቡን ጠረገ። ከኋላ አንዱ፣ "ጌታዬ፣ ይሠራል ያሉት ይኼን ነው?" አለው። ሊነሳ ሞከረ።

"ይብቃ ጋሽ ኢድሪስ፣ ገብቶኛል።"

"ካሴቱ አላለቀም" አልኩት።

ተመልሶ ተቀመጠ።

ጥር 4

የፓምፑ ጠጋኞች ትናንት መጥተው ነበር። ዛሬ እኔ ተጠራሁ። አቶ ሰብስቤም ለመቀረጽ ክራባት አስሮ ቆሟል። ኛጋች እጀታውን ተጫነች። መጀመሪያ ዝገት፣ ቀጥሎ ጭቃ፣ ከዚያ... ውሃ። በእፍኜ ጠጣሁ። ብረት ብረት ይላል። "በል ሽማግሌ፣ አንተም ተጫን" አለችኝ። ተጫንኩ። ተራህ አልቋል ቢሉኝም አለቅም አልኩ። ሴቶቹ እጄን ከእጀታው ላይ በግድ አላቀቁት።

ቤት ስገባ ሳሊሃ ካሴቱን ጠየቀችኝ። ካሜራውን ከቦርሳው አላወጣሁትም ነበር።

"ታዲያ ውሃ መውጣቱን በምን እናምናለን?"

እስከ ቁርጭምጭሚቴ የራሰውን ሱሪዬን አሳየኋት።