ባሌ ዓለምን በተወባቸው አሥራ አንድ ቀጠሮዎች

ለተከበሩ የከተማችን የቤተሰብ ፍርድ ቤት ዳኛ፤
ባሉበት።

ክቡር ሆይ፣ ይህ ደብዳቤ በሙሉ ጤንነት፣ በደስታና ከሁሉም በላይ በደንብ በሚዞር ማራገቢያ ሥር እንዲያገኝዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ የሠርግ ሙዚቃ ባንድ ባለቤት የሆነው የፕራብሃካር ማስኬ ሚስት ኩንዳ ነኝ። መልኬ ቢጠፋዎት አይደንቀኝም፤ አሥራ አንድ ጊዜ ከፊትዎ ብቀርብም አሥሩን የቆምኩት ሌላ ቀጠሮ እስኪጻፍልኝ ብቻ ነበር። ውለታዎ ግን በልቤ ብቻ እንዲቀር አልፈለግኩምና በጋዜጣ አመሰግንዎታለሁ።

አንደኛ፣ ስለ ወንበሩ። ባሌ እኔንና ልጃችንን ሚናልን ጥሎን ከወጣ በአራተኛው ወር መተዳደሪያ እንዲቆርጥልን ስከስ፣ እንደ ሂንዱ መናኞች ብርቱካናማ ልብስ ለብሶ፣ ግንባሩን አመድ ተቀብቶ መጣና፣ «ክቡር ዳኛ፣ እኔ ዓለም በቃኝ ብዬ መንኛለሁ፤ መናኝ ደግሞ ገቢ የለውም» አለ። እርስዎም ወዲያው ወንበር አስመጡለት። እኔን ደግሞ በአባትነት፣ «እህቴ፣ መንፈሳዊ ሰው አታስቸግሪ፤ ቻል አድርጊው» ብለው መከሩኝ። ቆሜ ስለነበር ምክሩ እስከ እግሬ ድረስ ወርዶ ተሰምቶኛል።

ሁለተኛ፣ ስለ መለከቱ። በሠርግ ወራት የአክስቴን የልጅ ልጅ ልንድር ስንሄድ፣ ሙሽራውን ከተሸከመችው ነጭ ባዝራ ፊት ለፊት፣ እኔ ራሴ ወርቃማ ጥለት የሰፋሁበትን ቀይ ኮት ለብሶ፣ ጉንጩን ነፍቶ መለከት የሚነፋ አንድ መናኝ አየሁ። ጠጋ ብዬ፣ «ምናኔው እንዴት ይዞሃል?» ስለው፣ «ዝም በይ፣ ሥራ ላይ ነኝ» አለኝ። ሚናል ያነሳችውን ፎቶ ባቀርብልዎ መነጽርዎን አውልቀው አጤኑትና፣ «መለከት የነፋ ሁሉ ለገንዘብ ነፋ አይባልም» ብለው ወደ ሰባተኛው ቀጠሮ አሸጋገሩን። እንዲህ ያለ ጥንቃቄ ለኔም ቢደርሰኝ ብዬ መመኘቴን ይቅር ይበሉኝ።

ሦስተኛው ምስጋናዬ አጭር ነው። ባሌ «ስፌት ትችላለች፣ ራሷን ታኑር» ሲል እርስዎ በመዝገብ አሰፈሩት። አሥራ ዘጠኝ ዓመት የባንዱን ኮት በነጻ እንደሰፋሁ ስናገር ግን ብዕርዎ ቀለም ጨረሰ። ሚናል የነርስ ትምህርት ቤት የምትመዘገብበት ቀን ሲደርስ የሠርግ ጉትቻዬን ሸጥኩ። «ያለሱም ታምሪያለሽ እማ» አለችኝና ፊቷን አዞረች። ያን ቀን ለመቀለድ አልቻልኩም ነበር።

ቀልዱን የመለሰልኝ ጠበቃዬ ራጅሽሪ ናት። በአውቶቡስ አብረን ስንመለስ እንደ ዋዛ፣ «በሂንዱ ሕግ እኮ ከልቡ የመነነ ሰው እንደ ሞተ ይቆጠራል፤ ንብረቱ ለሚስቱና ለልጆቹ ያልፋል» አለችኝ። እስከ መጨረሻው ፌርማታ ሳቅኩ። ቲኬት ቆራጩ ሁለት ጊዜ ውኃ አቀበለኝ።

በአሥራ አንደኛው ቀጠሮ ተነሥቼ፣ «ክቡር ሆይ፣ ባለቤቴን ተጠራጥሬው ነበር፤ አሁን ግን አምኜዋለሁ። መመነኑ ይመዝገብልኝ፤ የባንዱ ስድስት መለከቶች፣ ከበሮዎቹ፣ መጋዘኑና ባዝራዋ ለኔና ለልጄ ይሰጡን» ማለቴን ያስታውሳሉ። ባሌ ከወንበሩ ዘሎ ተነሣ።

«ክቡር ዳኛ፣ ሙሉ በሙሉ እንኳ አልመነንኩም» አለ።

«ምን ማለት ነው?» አሉት።

«ሰኞና ሐሙስ ብቻ ነው የምመንነው።»

«ባዝራዋስ?»

«የኔ ናት! ባለፈው ሠርግ ብቻ አምስት ሺህ ሩፒ አስገብታልኛለች።»

ችሎቱ በሳቅ ተናወጠ፤ እርስዎም በመዝገቡ ፊትዎን ሸፍነው ትከሻዎ ሲንቀጠቀጥ አይቻለሁ። በአሥራ ሦስት ወር ያልተገኘው ውሳኔ ከምሳ በፊት ተሰጠ፤ ወርኃዊ መተዳደሪያ ከነውዝፉ ተፈረደልን። ባሌ ብርቱካናማውን ልብስ እዚያው አግዳሚ ላይ ጥሎ ወጣ። ሚናል ትምህርቷን ጀምራለች። እኔም ኮት እየሰፋሁ ነው፤ አሁን ግን ለሌላ ባንድ፣ በክፍያ።

እውነት ተናግሬ ሳይሆን በውሸቱ ተስማምቼ መርታት እንደምችል ላስተማሩኝ ለእርስዎ፣ ከአክብሮት ጋር እጅ እየነሣሁ፣ ወንበር እንኳ ቢቀርብልኝ ከእንግዲህ የማልቀመጥበት አመስጋኝዎ፣

ኩንዳ ማስኬ

ማስታወሻ፦ የዚያን ዕለት ከችሎቱ ስወጣ በኮሪደሩ ተራ ይጠብቁ ለነበሩ ዘጠኝ ሴቶች የራጅሽሪን ስልክ ሰጥቻለሁ። አንደኛዋ የእርስዎ የችሎት ጸሐፊ ሚስት መሆኗን በኋላ ነው የሰማሁት። ባሏን የከሰሰችበት መዝገብ እንዳይጠፋ ቢጠነቀቁላት ደስ ይለኛል፤ ጠፋ ቢባልም መጀመሪያ የሚፈተሸው የተከሳሹ መሳቢያ ነው።