ለበሽተኛው «አለሁ» ያለው ምርኮኛ

እሑድ፣ ኅዳር 7

ከጓደኛዬ ከሳሚ ጋር ፊልም አየን። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ሩሲያውያን የጃፓን ምርኮኞችን ሳይቤሪያ ውስጥ እንጨት ሲያስቆርጧቸው ነው። ትምህርት ቤት ይሄን አላስተማሩንም፤ ቢያስተምሩም እኔ አልነበርኩም።

ጠዋት በረዶ ላይ ስም ይጠራል። ስሙ ሲጠራ ያልተገኘ ሰው ዳቦ አይሰጠውም። አንዱ ታሞ መነሣት ሲያቅተው ጓደኛው ድምፁን ቀይሮ በበሽተኛው ስም «አለሁ!» አለ። ቢነቃበት ይረሸናል። ሳሚ ላይ ልወረውር የያዝኩት ፈንዲሻ እጄ ላይ ቀረ። እንዲህም ሰው አለ?

እኔም እኮ ጀርመንኛ ኮርስ ላይ ሳሚ ሲቀር ስሙ ሲጠራ «ሂር!» እልለታለሁ፣ «አለሁ» እንደማለት፤ ግን ክፍሉን ለማሳቅ ነው።

ስንወጣ ሳሚ፣ «አንተ ቀልደኛ፣ እዚያ ብንሆን «አለሁ» ትልልኝ ነበር?» አለኝ።

«ጃኬትህን ካወረስከኝ።»

ሳቀ። ወደ ሰፈራችን ወደ ጋሉስ ስንመለስ ትራም ውስጥ ፊቴን ወደ መስኮቱ አዙሬ፣ ቀስ ብዬ «አለሁ» አልኩ። ፊልሙ ላይ የሰውየው ድምፅ ዝንፍ አላለም ነበር። የእኔ ተንቀጠቀጠ።