ሳፋዬ መርከብ መሆን አለመሆኑ አስቀድሞ ይነገረኝ ስለማለት

ለተከበሩ የወንጀል ችሎት ሰብሳቢ ዳኛ፣
ባሉበት።

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ ለጤናዎ፣ ለወገብዎ፣ በተለይም ቀጠሮ ሲጽፍ ለማይደክመው ቀኝ እጅዎ እንደምን ሰነበቱ እላለሁ። እኔ እርጅናውን ካልቆጠርነው ደኅና ነኝ። ፍርድ ቤቱ በር ላይ የሚቀመጠው ማመልከቻ ጸሐፊ «አባባ፣ እኔ ልጻፍልዎ፤ የእርስዎ ፊደል እንደ ሰካራም ይንገዳገዳል» ብሎኝ ነበር፤ ቢንገዳገድም የራሴ ነው ብዬ እምቢ አልኩት። የማይነበብ ቃል ቢያጋጥምዎ ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ እኔም የእርስዎን ትእዛዝ ሳነብ እንደዚያው ይሆንብኛል።

ይህን ማመልከቻ በፍርድ ቤቱ ግድግዳ ላይም ስለምለጥፈው፣ ነገሩን ለማያውቅ ሰው ላስረዳ። አርባ ዓመት ቆርቆሮ ቀጥቅጬ ባልዲና ሳፋ ስሠራ የኖርኩ፣ ሚስቴን ቀብሬ ብቻዬን የቀረሁ ሽማግሌ ነኝ። ባለፈው ክረምት ጎርፍ መንገዳችንን ሲሞላው የጎረቤቴን የዳቦ ጋጋሪውን ሚስት ምጥ ያዛት። መኪና አይገባም፤ ባሏ በሩ ላይ ቆሞ «የሰው ያለህ!» ይላል። እኔም ለሟች ባለቤቴ ልብስ ማጠቢያ የሠራሁላትን ትልቁን ሳፋ አወጣሁ፤ ሴትዮዋን አስቀመጥኳት፤ ውኃው ወገቤ ድረስ እየመጣ አስፋልቱ ጋ እስክንደርስ ገፋኋት። በሰላም ተገላገለች። በሳምንቱ ዐቃቤ ሕጉ ሳፋዬን በኤግዚቢትነት አስይዘው «ያለ ፈቃድ በመርከብ ሰው ማጓጓዝ» ብለው ከሰሱኝ። የተከሰስኩበትን አዋጅ ፊደል በፊደል ለቅሜ አንብቤዋለሁ፤ ስለ ባሕርና ስለ ሐይቅ እንጂ ስለ መንገድና ስለ ሳፋ አንዲት ቃል የለበትም።

የማመሰግንዎ ብዙ ስለሆነ በቁጥር ላስቀምጠው።

፩ኛ፦ የመጀመሪያው ቀን ተነሥቼ፣ ይህ አዋጅ እኔን ይመለከታል ወይ ብዬ ጠየቅኩ። እርስዎም «ጥያቄው ከፍርዱ ጋር አብሮ ይታያል» አሉኝ። በእኔ ሙያ ደንበኛ ቆርቆሮ ይዞ ሲመጣ፣ ባልዲ ነው ወይስ ሳፋ የምትፈልገው ብሎ መጠየቅ የመጀመሪያው ሥራ ነበር። ለካ መጀመሪያ ቀጥቅጦ ቀጥቅጦ፣ መጨረሻ ላይ ነው የሚጠየቀው። በሰባ አራት ዓመቴ ስላስተማሩኝ ምስጋናዬ የላቀ ነው።

፪ኛ፦ በአሥራ አራት ቀጠሮ ያላየሁት ጉድ የለም። የመርከብ መርማሪ ከሩቅ ወደብ ተጠርቶ ሳፋዬን ሲዞር ዋለ። «ፊቱ የቱ ጋ ነው?» አለኝ። ክብ ነው አልኩት። «ፊቱ ሊታወቅ አልቻለም» ብሎ ጻፈ። መልሕቅ የለውም፣ ፊሽካ የለውም፣ ካፒቴኑም ዋና አይችልም ብሎ መሰከረ። ሦስቱንም አልካድኩም።

፫ኛ፦ የራሴንም ጥፋት አልደብቅም። ዐቃቤ ሕጉ «ሳፋው ውኃ ያስገባል?» ብለው ሲጠይቁኝ፣ ጋጋሪው ከኋላዬ «አባባ፣ ያፈሳል ይበሉ! በፈጠረዎት፣ ያፈሳል ይበሉ!» እያለ ሲያንሾካሹክ ሰምቼዋለሁ። ያፈሳል ብል መርከብነቱ ይቀርለት ነበር። ግን እኔ የሠራሁት ሳፋ አያፈስም። «እርስዎንና ክቡር ዳኛውን ከነመዝገባችሁ ቢጭን ጠብ አትልም» አልኩ፤ ይኸው እንደ እምነት ቃል ተመዘገበልኝ። ዛሬም አያፈስም። ጣሪያው የሚያፈሰው የኤግዚቢት ክፍላችሁ ነው፤ ጠባቂው ከሥሩ የደቀነውም የእኔን ሳፋ ነው።

፬ኛ፦ ይህ ይቆረቁረኛልና ትንሽ ይታገሡኝ። እናታችን ስትሞት ያሳደገችኝ ታላቅ እህቴ በአውቶቡስ የአንድ ቀን መንገድ ርቃ ትኖራለች። ሐኪም የዓይኗ ብርሃን ከጥቂት ወራት አያልፍም ብሏታል፤ እሷም «ሳይጨልምብኝ አንድ ጊዜ ፊትህን ልየው» ብላ ላከችብኝ። ክሱ እስኪያልቅ ከከተማ እንዳልወጣ ስላዘዙኝ የአራት ቀን ፈቃድ ለመንኩ። መልስዎን እስክሸመድደው አንብቤዋለሁ፤ «ተከሳሹ መርከብ ያለው በመሆኑ በውኃ ሊሸሽ ስለሚችል አልተፈቀደም» ይላል።

ክቡር ሆይ፣ መርከብ መሆኑ የሚታወቀው በፍርዱ ቀን አልነበረም እንዴ? እኔ ስጠይቅ ገና ያልተወሰነ ሳፋ ነው፤ እህቴን ልይ ስል ግን ሸራውን ዘርግቶ ባሕር የሚሰነጥቅ መርከብ ሆነ። ጎርፉ ከደረቀ ወዲህ ደግሞ በሰፈራችን ያለው ውኃ የቧንቧ ብቻ ነው፤ እሱም በሳምንት ሁለት ቀን ብቅ ይላል። ልሽሽስ ብል፣ መርከቡ እናንተ ዘንድ ታስሮ በምኔ ልሽሽ?

፭ኛ፦ ቢመረኝ ባለፈው ቀጠሮ «ጥፋተኛ ነኝ፤ ፍረዱብኝና ልሂድ» አልኩ። መነጽርዎን አወለቁና «አዋጁ እርስዎን መመልከቱ ሳይታወቅ ጥፋተኛ መሆን አይችሉም» አሉኝ። መቼ ነው የሚታወቀው ብል፣ ከፍርዱ ጋር። ፍርዱስ ብል፣ ምስክር ሲያልቅ። ችሎቱ ሁሉ ሳቀ፤ እኔም አብሬ ሳቅኩ። የቀረው ምስክር ብዛት ሰባት ነው።

ስለዚህ ከእግርዎ ሥር ወድቄ የምለምነው አንድ ነገር ብቻ ነው። ሰውን ዓመት ሙሉ ካመላለሱት በኋላ ሕጉ አይመለከትህም ቢሉት፣ ቅጣቱን ጨርሶ ነው የሚሄደው። መርከብ ነው ይበሉ፣ ሳፋ ነው ይበሉ፤ ብቻ አስቀድመው ይበሉ። መርከብ ከሆነ እንደ ወንድ እከራከራለሁ። ሳፋ ከሆነም አውቶቡሱ በጠዋት ይነሣል።

ለቀጠሮ መዝገብዎ ረጅም ዕድሜ፣ ለማኅተምዎ የማይደርቅ ቀለም እየተመኘሁ፣ ትሑት ሎሌዎ ልሁን አልሁን ከፍርዱ ጋር አብሮ የሚታይልኝ፣

የታችኛው ሰፈር ቆርቆሮ ቀጥቃጭ
(ፊርማው የራሴ ነው፤ ጣቴን አላተምኩም)

ማስታወሻ፦ ይህን ጽፌ በግድግዳችሁ ላይ ሳልለጥፈው፣ እህቴ ምራቷ እጇን ይዛ በአውቶቡስ አመጣቻት። ስለዚህ የፈቃድ ጥያቄዬን አንሥቻለሁ። ዓይኗ ግን ከመምጣቷ ሦስት ሳምንት ቀድሞ ጨልሟል፤ ፊቴን በእጇ ዳብሳ «አዎ፣ አንተው ነህ» አለች፤ እኔም ባዶ ድዴን እንዳትዳብስብኝ አፌን ግጥም አድርጌ ዘጋሁ። ለመጨረሻ ጊዜ ያየችኝ ባለቤቴን ስንቀብር፣ የፊት ጥርሶቼ ሳይረግፉ ነበር። በእርስዎ ቸርነት እህቴ እስክትሞት ድረስ የማውቀው ወንድሜ ጥርሰ ሙሉ ነው ስትል ትኖራለችና፣ ክቡር ሆይ፣ እግዜር ይስጥልኝ።